ከፍታው ተጽፏል፣ ስሙ ቀርቷል
ተከታታይ ታሪክ

ክፍል አንድ፦ ሐይቁ ላይ የቆመችው አውሮፕላን

ታኅሣሥ 7 ቀን 1926 እ.ኤ.አ. ዙሪክ ሐይቅ ላይ የቆመችው አውሮፕላን ጎማ የላትም። በጎማ ፈንታ ውሃ ላይ የሚያንሳፍፏት ሁለት ረጃጅም እግሮች ተገጥመውላታል። የዶርኒየር ፋብሪካ ሥራ ናት፤ ሞተሯ አንድ ብቻ ነው፤ ስሟ «ስዊዘርላንድ» ይባላል። ልትደርስ ያሰበችው ኬፕታውን ነው፤ በአፍሪካ ደቡባዊ ጫፍ አካባቢ።

ተሳፋሪዎቿ አራት ናቸው። ድንጋይና መሬት የሚያጠናው አርኖልድ ሃይም፣ ጸሐፊው ሬኔ ጉዚ፣ መካኒኩ ሃንስ ሃርትማን፣ አራተኛውም የጉዞው መሪና አብራሪ ቫልተር ሚቴልሆልትዘር። ይህ ሰው አውሮፕላን ማብረርን የኑሮው ግማሽ ብቻ አድርጎ የያዘ ነው። ሌላው ግማሽ ካሜራ ነው። የምተርክላችሁም ስለዚያኛው ግማሽ ነው፤ ምክንያቱም ካሜራው ዞሮ ዞሮ እኛ አገር፣ አዲስ አበባ ላይ ያርፋል።

ሚቴልሆልትዘር በ1894 ሳንክት ጋለን ተወለደ። ፎቶግራፍን እንደ ማንኛውም የእጅ ሙያ ከባለሙያ ሥር ሆኖ ተማረ። በአንደኛው የዓለም ጦርነት ዘመን ወታደር ሆኖ ዱቤንዶርፍ ወደሚገኘው የጦር አየር ሜዳ ተላከ፤ እዚያ ከአየር ላይ ፎቶ ማንሳት ጀመረ፣ ቀጥሎም ራሱ አብራሪ ሆነ። በ1919 ከአብራሪው አልፍሬድ ኮምት ጋር የራሳቸውን ድርጅት አቋቋሙ። ንግዳቸው ቀላል ነበር፦ ሰው የገዛ መንደሩን ከላይ አይቶት አያውቅም፤ እነሱ ያሳዩታል፣ እሱ ይከፍላል። በ1923 ደግሞ ካሜራውን ይዞ በሰሜን ዋልታ አቅራቢያ ወዳለው ስፒትስበርገን ዘለቀ። በ1924 መጨረሻ ከዙሪክ ወደ ቴህራን ለመብረር ተነሳ።

አሁን እኔ በምኖርባት በአድሊስቪል በዚያ ዘመን ትልቁ እንጀራ የሐር ፋብሪካው ነበር። ከተማዋ ከዙሪክ በባቡር ሩብ ሰዓት ገደማ ብትርቅ ነው። በዚህ ሸለቆ የሚኖር ሸማኔ አፍሪካን የሚያያት በአንድ መንገድ ብቻ ነበር፤ ሲኒማ ገብቶ፣ በጨለማ ተቀምጦ፣ ሚቴልሆልትዘርን የመሰለ ሰው ቀርጾ ያመጣለትን በማየት።

ቀረጻው ግን እንዲህ በቀላሉ የሚሆን አልነበረም። የድምፅ አልባው ዘመን ካሜራ አብዛኛውን ጊዜ በእጅ የሚዞር እጀታ ነበረው። የካሜራው ሰው በሰከንድ አሥራ ስድስት ምስል ገደማ እንዲያልፍ እጀታውን በልኩ ያዞራል። ሲፈጥን ሰዎቹ በስክሪኑ ላይ ይጎተታሉ፣ ሲዘገይ ይሮጣሉ። መሬት ላይ ይህን እጅ ይለምደዋል። አየር ላይ ግን ነፋሱ ይገፋል፣ ሞተሩ ያንቀጠቅጣል፣ ብርዱ ጣት ያደነዝዛል። ፊልሙ ራሱ ናይትሬት ነው፤ አንዴ እሳት ከነካው ውሃ እንኳ አያጠፋውም። ይህንን ጥቅል ከነዳጅ ታንክ ጋር በአንዲት ጠባብ አውሮፕላን ጭኖ የሱዳንን ሙቀት ማቋረጥ ምን ማለት እንደሆነ ገምቱት።

ተንሳፋፊ እግሮቹ የተመረጡትም በምክንያት ነው። ያን ጊዜ በአፍሪካ የአውሮፕላን ሜዳ እምብዛም አልነበረም። ወንዝና ሐይቅ ግን ሞልቷል። ስለዚህ ዓባይ ራሱ ማኮብኮቢያ ሆነላቸው፤ ከካይሮ ወደ ሉክሶር፣ ከዚያ ወደ አስዋን፣ ከዚያ ወደ ካርቱም።

ካርቱም ላይ ውሃው ለሁለት ይከፈላል። ነጩ ወደ ደቡብ ይወስዳል፤ ጥቁሩ ወደ ምሥራቅ፣ ወደ ጣና። ሚቴልሆልትዘር ነጩን ተከተለ። የኢትዮጵያ ተራሮች በግራው በኩል ርቀው ቀሩ፣ ካሜራውም ሳያያቸው አለፈ። ከሰባት ዓመት በኋላ ግን ከእነዚያ ተራሮች መካከል አንድ ገዢ አውሮፕላን ይፈልጋል። ገዢው ማን ነበር?

ሳምንት ይቀጥላል

ክፍል ሁለት፦ ጥቅሉ ዙሪክ ሲደርስ

«ስዊዘርላንድ» በየካቲት 1927 እ.ኤ.አ. ኬፕታውን ደረሰች። መንገዱ 20,000 ኪሎ ሜትር ገደማ ነበር። ለጋዜጦቹ ወሬው የበረራው ጀግንነት ነው። ለአንድ ሰው ግን ወሬው ሌላ ነበር፤ ዙሪክ ተቀምጦ ጥቅሎቹን ይጠብቅ ለነበረው ለላዛር ቬክስለር።

ቬክስለር ከፖላንድ የመጣ የድልድይ መሐንዲስ ነው። በ1924 ከሚቴልሆልትዘር ጋር ፕሬዘንስ ፊልም የሚባለውን ኩባንያ አቋቁሞ ነበር። አንዱ ያበርራል፣ ይቀርጻል፤ ሌላው ይሸጣል። የአፍሪካው በረራ ፊልም በ1927 ለሕዝብ ታየ፤ መጽሐፉም በዚያው ዓመት ወጣ። ፕሬዘንስ ከጊዜ በኋላ ኦስካር እስከ መሸለም የደረሰ የስዊዘርላንድ ስመ ጥር የፊልም ድርጅት ሆኗል። የዚያ ቤት መሠረት የተጣለው ከአውሮፕላን መስኮት በተነሳ ምስል ነው።

እዚህ ላይ ቆም ብዬ የምለው አለኝ። እነዚያን ፊልሞች በሙያ ዓይን ሳያቸው አደንቃለሁ። የብርሃኑ አያያዝ፣ ተራራው በክንፉ ሥር ቀስ ብሎ የሚዞርበት መንገድ፣ የጥላው ርዝመት፣ ሁሉም ሥራውን በሚያውቅ እጅ የተሠራ ነው። መሬት ወርዶ ወደ ሰው ሲዞር ግን ዓይኑ ይለወጣል። በቅኝ ግዛት ዘመን ያደገ አውሮፓዊ ዓይን ነው፤ አፍሪካዊውን እንደ ዛፉና እንደ ዝሆኑ ከመልክዓ ምድሩ ጋር ይቆጥረዋል። ይህንን ማለት ሙያውን መካድ አይደለም። ሁለቱም በአንድ ጥቅል ላይ አብረው አሉ።

በሌላ አገር ካሜራው ሌላ እጅ ገብቶ ነበር። ሕንዳዊው ዳዳሳሄብ ፋልኬ የክርስቶስን ሕይወት የሚያሳይ ፊልም ቦምቤይ ውስጥ ካየ በኋላ የራሱን አማልክት በስክሪን ላይ የማየት ጉጉት ያዘው። በ1912 ለንደን ሄዶ ካሜራ ገዝቶ ተመለሰ። በ1913 «ራጃ ሃሪሽቻንድራ» ለሕዝብ ሲቀርብ ከካሜራው ጀርባ የቆመው ትሪምባክ ቴላንግ የሚባል የአገሬው ሰው ነበር። በቅኝ ግዛት ሥር ያለ ሕዝብ የገዛ ታሪኩን በገዛ እጁ ቀረጸ። ኢትዮጵያ ነፃ አገር ነበረች፤ ካሜራው ግን ለረጅም ጊዜ የእንግዳ ካሜራ ሆኖ ቆየ። የመጀመሪያው ረጅም የአማርኛ ፊልም «ሂሩት አባቷ ማነው» የታየው በ1957 ዓ.ም. ነው፤ ከፋልኬ ግማሽ ምዕተ ዓመት በኋላ። ይህን ባሰብኩ ቁጥር ይቆጨኛል።

ወደ ዙሪክ እንመለስ። የድምፅ አልባው ዘመን እያለቀ ነው። በመስከረም 1929 እ.ኤ.አ. ሦስት የሶቪየት ፊልም ሠሪዎች ስዊዘርላንድ ገቡ፤ አይዘንሽታይን፣ አሌክሳንድሮቭና የ«ፖተምኪን» ካሜራ ባለሙያ ኤድዋርድ ቲሴ። ቬክስለርን አላመለጡትም። ቲሴ ለፕሬዘንስ በሴቶች ስቃይና በወሊድ ላይ የሚያተኩር ፊልም ሠራ፤ ከፊሉን የቀረጸው ዙሪክ በሚገኘው የሴቶች ሆስፒታል ውስጥ ነው። ከዚያ በኋላ ኩባንያው ወደ ትልልቅ ታሪኮች፣ ወደ ተዋናይና ወደ ድምፅ አዘነበለ።

ከአውሮፕላን ላይ የሚቀርጽ ሰው ቦታው የት ይሆን? ሚቴልሆልትዘር መልሱን ወደ ላይ ፈለገው። በጥር 1930 ባሮን ሉዊ ፎን ሮትሽልድን አሳፍሮ 5,895 ሜትር ከሚረዝመው ከኪሊማንጃሮ በላይ በረረ፤ የተራራውን አፍም በካሜራው አስቀረ። በ1931 ሁለት የአየር ኩባንያዎች ተዋሕደው ስዊስኤር ሲወለድ ከመሪዎቹ አንዱ ሆነ። ካሜራው አልተለየውም፤ ነገር ግን አሁን የመንገደኛ፣ የሰዓትና የሒሳብ ሰው ነው። ድንኳንና ጥቅል ይዞ ወራት የሚጠፋበት ጊዜ ያለፈ ይመስል ነበር።

ከዚያ ስዊስኤር አንዲት ባለ ሦስት ሞተር ፎከር ሸጠ። ገዢው የኢትዮጵያ ንጉሠ ነገሥት ነው። አውሮፕላኗን ወስዶ የሚያስረክብ ሰው ያስፈልጋል። ሚቴልሆልትዘር መሪዋን ያዘ፣ ካሜራውንም ጫነ። የሚወርድባት ከተማ ግን ፈረንጅና ካሜራን አስቀድማ የምታውቅ ከተማ ነበረች።

ሳምንት ይቀጥላል

ክፍል ሦስት፦ የጃንሆይ ፎከር

አዲስ አበባና ዙሪክ የተዋወቁት ፎከሯ በተሸጠችበት ዓመት አልነበረም። ትውውቃቸው ከከተማዋ መቆርቆር በፊት ይጀምራል። አልፍሬድ ኢልግ የሚባል የፍራውንፌልድ ልጅ፣ ዙሪክ ምሕንድስና ተምሮ፣ በ1879 እ.ኤ.አ. ወደ ምኒልክ መጣ። ከጫማ ስፌት እስከ ባቡር ሐዲድ ያልገባበት ሥራ አልነበረም፤ ኋላም የንጉሠ ነገሥቱ አማካሪ ሆኖ በውጭ ጉዳይ ላይ ተቀመጠ። በ1916 ዙሪክ ውስጥ ሞተ። ያነሳቸውና የሰበሰባቸው ፎቶዎች ዛሬ በዙሪክ ዩኒቨርሲቲ ሙዚየም ይገኛሉ። እናም አንድ ስዊዘርላንዳዊ ምስላችንን ይዞ ሲሄድ ሚቴልሆልትዘር የመጀመሪያው አልነበረም።

ተንቀሳቃሽ ምስሉም ቢሆን ለከተማዋ እንግዳ አልሆነም። በምኒልክ ቤተ መንግሥት ታይቷል። ቆይቶ ለሕዝብ ሲከፈት ሰዉ ቤቱን «የሰይጣን ቤት» አለው። ቃሉ ዛሬም በሽማግሌዎች አፍ አለ። አውሮፕላንም ቢሆን ነሐሴ 12 ቀን 1921 ዓ.ም. የፈረንሳዊው አንድሬ ማዬ ፖቴዝ አዲስ አበባ ላይ አርፋለች። በዓመቱ ሚሽካ ባቢቼፍና አስፋው ዓሊ የአብራሪነት ፈቃድ አገኙ፤ የመጀመሪያዎቹ ኢትዮጵያውያን አብራሪዎች ናቸው። ስለዚህ በ1926 ዓ.ም. አጋማሽ፣ በፈረንጆቹ የካቲት 1934፣ ፎከሯ ስትመጣ ሰማዩን ቀና ብሎ ያየው ሕዝብ የሚያየውን ያውቅ ነበር።

ለአብራሪ አዲስ አበባ ቀላል ከተማ አይደለችም። ከባሕር ወለል 2,400 ሜትር ገደማ ከፍ ብላ ተቀምጣለች። በዚያ ከፍታ አየሩ ስስ ነው፤ ሞተር ጉልበቱ ይቀንሳል፣ ክንፍም እንደ ቆላው አይሸከምም፣ ለመነሳት ረጅም ሜዳ ይፈልጋል። ለካሜራ ግን ያው ስስ አየር ሲሳይ ነው። ብርሃኑ ጥርት ያለ፣ ጥላው የተቆረጠ፣ ሩቁ ቅርብ ነው። ከአልፕስ ጭጋግ የመጣ ሰው በየካቲት ሰማይ ሥር ሌንሱን ሲከፍት ምን እንደተሰማው፣ ሙያውን የሚያውቅ ሁሉ ይገባዋል።

ሚቴልሆልትዘር አውሮፕላኗን አስረክቦ ወዲያው አልተመለሰም። ከተማዋን ከላይ አነሳት። ጣናን አነሳ። የገደሉን ስንጥቅ፣ የአምባውን ጫፍ፣ ክብ ክብ የሣር ክዳን ቤቶችን በየማሳው መካከል አነሳ። ወደ መሬት ወርዶም ካህናቱን፣ ገበያውን፣ መንገደኛውን አነሳ። ከዚህ ጉዞ አንድ ፊልምና አንድ መጽሐፍ ወጡ፤ ሁለቱም በዚያው በ1934፣ ሁለቱም «የአቢሲኒያ በረራ» የሚል ስም ይዘው።

ፎቶዎቹ ዛሬ ዙሪክ በሚገኘው የፌዴራል ቴክኖሎጂ ተቋም፣ ነዋሪው ኤቴሃ በሚለው፣ ቤተ መጻሕፍት ውስጥ ተቀምጠዋል፤ ማንም ከቤቱ ሆኖ በኢንተርኔት ሊያያቸው ይችላል። እኔም አድሊስቪል ሆኜ እያገላበጥኩ አመሻለሁ። ከአየር በተነሱት በብዙዎቹ ምስሎች ሥር ከስንት ሜትር ከፍታ እንደተነሱ ተጽፏል። የካሜራው ሰው ልማድ ነው፤ ከፍታ ካልታወቀ ከፎቶው ላይ ርቀት መለካት ያስቸግራል። ወደ ሰዎቹ ስሄድ ግን መግለጫው ጠቅላላ ይሆናል። ካህናት። ሴቶች። የመንገድ ትዕይንት። የንጉሡ ስም አለ። የሌላው ሰው የለም።

እነዚህ ሰዎች ስም ነበራቸው። አባቱ ያወጣለት፣ የክርስትና አባት ያነሳው፣ ጎረቤት የሚጠራው ስም። ጥምጥሙን አስተካክሎ ሌንሱን ትክ ብሎ የሚያየው ካህን በየትኛው ደብር ያገለግል ነበር? ልጁን ያዘለችው ሴት ልጇ አድጎ ይሆን? ምስሉ ከተነሳ አሥር ወር አልሞላም፤ ኅዳር 26 ቀን 1927 ዓ.ም. ወልወል በሚባል የኦጋዴን የውሃ ጉድጓድ አጠገብ ተኩስ ተከፈተ። ሚቴልሆልትዘር ሳያውቀው የቀረጸው የመጨረሻውን ሰላም ነው።

እሱ ዙሪክ ነበር። ከዚህ በኋላ በኢትዮጵያ ሰማይ ላይ የሚመጡት አውሮፕላኖች ካሜራ ብቻ የያዙ አልነበሩም።

ሳምንት ይቀጥላል

ክፍል አራት፦ ጄኔቭ

ኢጣሊያ በኢትዮጵያ ላይ የከፈተችው ጦርነት በጥቅምት 1935 እ.ኤ.አ. ሲጀመር ከጄኔቭ አንድ ወጣት የቀዶ ሕክምና ሐኪም ተነሳ። ማርሴል ዡኖ ይባላል፤ የዓለም አቀፉ ቀይ መስቀል ኮሚቴ መልእክተኛ ነው። እሱ ካሜራ አልያዘም፤ ያየውን ግን ኋላ በመጽሐፍ ጻፈው። ደሴ ስትደበደብ፣ የመርዝ ጋዙ ቆዳ ሲልጥ፣ ሐኪም ቤት ያልነበረው ሠራዊት በየገደሉ ሲያቃስት አየ። የስዊድኑ ካውንት ካርል ጉስታፍ ፎን ሮዘን የቀይ መስቀሉን አውሮፕላን ያበርርለት ነበር። በመጋቢት 1936 ያቺ አውሮፕላን ኮረም ላይ በኢጣሊያ ቦምብ ተመታች። ቀይ መስቀሉ የተሳለው ከሰማይ እንዲታይ ነበር። ከሰማይም ታይቷል።

ከላይ ሆኖ ማየት ሁለት ነገር እንደሆነ በዚያ ዓመት ግልጽ ሆነ። በሁለት ዓመት ልዩነት አንዱ ጣናን ለማሳየት በረረ፤ ሌላው ጎጆውን ለመምታት በረረ።

ከዚያ ሰኔ 23 ቀን 1928 ዓ.ም. መጣ፤ ሰኔ 30 ቀን 1936 እ.ኤ.አ.። ጃንሆይ ጄኔቭ ላይ በመንግሥታት ማኅበር ጉባኤ ፊት ቆሙ። ካሜራዎች ተደርድረዋል። አሁን የድምፅ ዘመን ነው፤ የሚቀረጸው መልክ ብቻ አይደለም። ገና አፋቸውን ሳይከፍቱ ከጋዜጠኞቹ ሰገነት ፉጨት ተነሳ። የኢጣሊያ ጋዜጠኞች ናቸው። ሩማንያዊው ቲቱሌስኩ ተነስቶ «እነዚህን አረመኔዎች አስወጡ!» አለ። ፖሊስ አስወጣቸው። ጃንሆይ ፉጨቱ እስኪበርድ ዝም ብለው ቆሙ።

ያን ፊልም ብዙ ጊዜ አይቼዋለሁ። በሚቴልሆልትዘር ካሜራ ፊት ኢትዮጵያ ስትታይ ነበር። እዚህ ተናገረች፤ በአማርኛ። የፈረንሳይኛ ችሎታቸው የታወቀ ነው፤ ግን የገዛ ቋንቋቸውን መረጡ። ድምፁ ዛሬም አለ፤ ልጆቼ ቤታችን ሶፋ ላይ ተቀምጠው ሰምተውታል፤ ያለ አስተርጓሚም ገብቷቸዋል።

የጉባኤው ውጤት የሚታወቅ ነው። ማዕቀቡ ተነሳ። በዚያው ዓመት በታኅሣሥ ስዊዘርላንድ የኢጣሊያን ወረራ አጸደቀች፤ ለንጉሠ ነገሥቱ አውሮፕላን የሸጠችው፣ ጉባኤውንም ያስተናገደችው ይህቺው አገር። በዚህ አገር እኖራለሁ፣ አገሩን እወደዋለሁ፣ ይህን ግን ልጆቼ እንዲያውቁት እፈልጋለሁ።

የካሜራው ሰው ብዙ አልቆየም። ግንቦት 9 ቀን 1937 እ.ኤ.አ. ኦስትሪያ ውስጥ በሽታየርማርክ ተራሮች ላይ ሲወጣ ወድቆ ሞተ። ዕድሜው 43 ነበር። ከበረሃና ከበረዶ በላይ በአንድ ሞተር ያመላለሰው ዕድል በእግሩ ሲሄድ ከዳው። መስታወት ላይ የታተሙት ምስሎቹ ከስዊስኤር ማኅደር ጋር ቆይተው ኤቴሃ ደረሱ።

የታሪኩ መጨረሻ ይህ ነው ብዬ ነበር። ግን ቤተ መጻሕፍቱ አንድ ችግር ገጠመው፤ እጁ ያለውን ሁሉ የሚያውቅ ሰው አልነበረውም። ስለዚህ ጡረታ የወጡ የስዊስኤር ሠራተኞችን ጠራ፤ እነሱም ፎቶዎቹን እያዩ ይህች አውሮፕላን እከሌ ናት፣ ይህ ሰው እከሌ ነው እያሉ መግለጫ አስሞሉ። ሥራው አማረ። ከ2016 ጀምሮ በሩ ለሁሉም ተከፈተ፤ ማንም ሰው ከየትም ሆኖ ምስሉ ሥር የሚያውቀውን ይጽፋል፣ ሠራተኞቹም አጣርተው ያስገቡታል። ስዊዘርላንዳውያኑ በየመንደራቸው ገብተው የተራራውን፣ የቤቱን፣ የድልድዩን ስም አርመዋል።

የኢትዮጵያዎቹ ምስሎች ተራቸውን እየጠበቁ ነው። ጣናን ከደሴቶቹ ጋር የሚለይ የባሕር ዳር ልጅ ዙሪክ ውስጥ አለ። የአዲስ አበባን የድሮ ሰፈሮች ከጣሪያቸው የምታውቅ እናት ጄኔቭ ውስጥ አለች። የካህናቱን ልብሰ ተክህኖና የከበሮውን ዓይነት አይቶ ደብሩን የሚገምት መሪጌታ አለ። የሚያስፈልገው ኮምፒውተርና አንድ ቅዳሜ ከሰዓት ነው፤ በጀርመንኛ የምንጽፍ ልጆች ከጎናቸው እንቀመጣለን። የፊታችን ቅዳሜ አድሊስቪል ቤቴ ውስጥ እንጀምራለን። የመጀመሪያው ምስል ተመርጧል፤ ካህናት ናቸው፣ መግለጫው ላይ ካህናት ከማለት በቀር ምንም የለም። አንዲት የሰማንያ ዓመት እናት ግን በስልክ ስልክላቸው ምስሉን አጉልተው አዩና፣ ከግራ ሁለተኛውን በጣታቸው ነክተው፣ አንድ ስም ጠሩ።

ስሙን ማጣራት ይቀረናል። ሳምንት ይቀጥላል